ዘጠነኛው ገመድ

ኢንስፔክተር ጥሩነሽ ስትደርስ ሬሳው ከመብራት ምሰሶው ወርዶ የቡና ማድረቂያ ሸራ ለብሶ ነበር። በሃያ ሁለት ዓመት የፖሊስነት ሥራዋ ሬሳን በነበረበት ትቶ የጠበቃት ሰው አጋጥሟት አያውቅም፤ ወይ ያጥቡታል፣ ወይ ያነሱታል፣ ወይ ደረቱ ላይ ወድቀው ያለቅሱበታል። ልትቆጣ አፏን ከፈተችና መልሳ ዘጋችው። ደክሟታል። ከሚዛን እስከ አማን ያለችው አጭር መንገድ እንኳ በጭቃው የተነሣ ወገቧን ፈትታዋለች፤ ከመኪናው ስትወርድ የግራ ጉልበቷ ሲጥ ብሏል።

“ማነው ያወረደው?”

“እኔ ነኝ።” ከሸራው አጠገብ ቁጢጥ ያለ ሰው ተነሣ። ብሩህ ይባላል፤ የመብራት መሥሪያ ቤቱ የመስመር ሠራተኛና ለሰባት ዓመት የሟቹ የሥራ ጓደኛ ነበር። “በቀበቶው ተንጠልጥሎ ነው ያገኘሁት። ነፍሱ ያለች መስሎኝ...”

ጥሩነሽ ሸራውን ገለጥ አደረገች። ሕዝቅያስን ታውቀዋለች፤ አማን ውስጥ የማያውቀው የለም። ሠላሳ አምስት ዓመት ቢሆነው ነው። ፊቱ ሰላማዊ ነበር። የቀኝ እጁ መዳፍ ግን ጠቁሮ ከስሏል።

“ኤሌክትሪክ ነው የገደለው” አለ ሳጅን ሐዲስ ማስታወሻ ደብተሩን እያወጣ።

“እንዴት ተደርጎ?” አለ ብሩህ ሳያስበው። “የአማን መስመር ከአሥራ ሁለት እስከ ሦስት ሰዓት ዝግ ነው፤ ዛፍ ልንቆርጥ። በገዛ እጄ ነው የዘጋሁት። ቁልፉም ይኸው፣ ከኪሴ አልወጣም።”

“ሰዉ ስንት ሰዓት ላይ አየው?”

“አንድ ሰዓት ካለፈ በኋላ።”

ጥሩነሽ ቀና ብላ ሽቦዎቹን አየች። መብራት በሌለበት መስመር ላይ ሰው በመብራት ሞቷል። ዝናቡ ገና ጋብ ማለቱ ነው፤ ከምሰሶው ጫፍ ውሃ ጠብ ጠብ ይላል።

ከበው ከቆሙት መካከል አንዱ ድምፁን ከፍ አድርጎ “ምን ምርመራ ያስፈልገዋል? ሳዲቅ ነው!” አለ። ሌሎቹም አጉረመረሙ።

ይህ ከመሬት ተነሥቶ የተባለ አልነበረም። ሳዲቅ ለየቤቱ የቴሌቪዥን ቻናልና ኢንተርኔት የሚያከፋፍል ነጋዴ ነው። ገመዶቹን ያለ ፈቃድ በመብራት ምሰሶዎች ላይ ዘርግቷል ተብሎ ከተከሰሰ ስምንት ወር ሆኖታል። ፍርድ ቤቱም ነገሩ እስኪለይለት አንድም ገመድ እንዳይጨመር፣ አንድም እንዳይነሣ አግዷል። በዚያው ማክሰኞ አራት ሰዓት ላይ ዳኞቹ ምሰሶዎቹን በዓይናቸው ሊያዩ ቀጠሮ ነበር። በየምሰሶው ያለውን ገመድ ቆጥሮ ፎቶ ያነሣው፣ ዋናው ምስክርም ሕዝቅያስ ነው። ከሁለት ሳምንት በፊት ሳዲቅ በፍርድ ቤቱ ግቢ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ “ገመዴን የሚነካ እጁ ይድረቅ!” ብሎ ጮኾበታል።

አሁን ደግሞ እጁ ከስሎ ተገኘ። ለአማን ሰው ከዚህ በላይ ማስረጃ አያስፈልገውም።

ከምሰሶው ፊት ለፊት የሐያት ሱቅ አለ። ሐያት ስኳር እየመዘነች ነበር።

“ምሰሶው ላይ ሲወጣ አይተሽዋል?” አለቻት ጥሩነሽ።

“ኧረ አላየሁም እትዬ። ዝናቡ እስኪያባራ በሩን ገርበብ አድርጌ ነበር። ያየሁት መብራቱን ነው።”

“የቱን መብራት?”

“አንድ ሰዓት ገደማ መብራት መጣ። አመጣጡ ግን ደግ አልነበረም፤ አምፖሉ ቀላ አለ፣ ማቀዝቀዣዬ አጓራ። ይቃጠልብኛል ብዬ ልነቅለው ስሮጥ ጥፍት አለ። አንድ ደቂቃም አልቆየ። ከዚያ ነው ጩኸቱን የሰማሁት።”

“ከዚያስ?”

“ከዚያማ ብሩህ እየሮጠ መጣ። እያለቀሰ ወጣ። በገመድ አስሮ ቀስ አድርጎ አወረደው፣ ወንዶቹ ተቀበሉት። እሱ ግን ወዲያው አልወረደም፤ ላይ ሆኖ ሲቆርጥ፣ ሲጠቀልል ቆየ። ከዚያ ጥቁር ገመድ ትከሻው ላይ አንጠልጥሎ ወረደ።”

ሐዲስ ሁሉንም ጻፈ። ጥሩነሽ በዚያች ሰዓት ያዳመጠችው ስለ መብራቱ ብቻ ነበር። ስለ ገመዱ የተባለው በአንድ ጆሮዋ ገብቶ በሌላው ወጣ፤ የመስመር ሠራተኛ ገመድ ቢሸከም ምን ይደንቃል?

ሳዲቅ የዚያኑ ቀን ስምንት ሰዓት ላይ ከቴፒ ሲመለስ መናኸሪያ ላይ ያዙት። አምሳ ዓመት ያለፈው፣ ዓይኑ ሥር የጠቆረ ሰው ነው። አልተጨቃጨቀም።

“ሰኞ ማታ ነው ቴፒ የገባሁት። ካላመኑኝ ያደርኩበትን ሆቴል ይጠይቁ። ጧት አንድ ሰዓት ላይ ከጠበቃዬ ጋር ቁርስ ላይ ነበርኩ። ለአራት ሰዓቱ ቀጠሮ አብረን ልንመጣ ስንነሣ የሆነውን በስልክ ነገሩን።”

ሐዲስ ወጥቶ ቴፒ ደወለ። ሆቴሉም ጠበቃውም አንድ ቃል ተናገሩ።

“እጁ ይድረቅ ብለሃል” አለችው ጥሩነሽ።

“ብያለሁ። ስምንት ወር ፍርድ ቤት የተመላለሰ ሰው ምን የማይለው አለ? ፈቃድ ልጠይቅ ስሄድ ‘የሚሰጠው እኛ አይደለንም’ ይሉኛል፤ የሚሰጠው ማነው ስል አያውቁትም። ሕዝቅያስ ግን ክፉ ሰው አልነበረም። ያየውን ነው የመሰከረው።”

ጥሩነሽ ጉልበቷን አሸች። “አንተ የገመድ ሰው ነህ። የተዘጋ መስመር እንዴት ሰው ይገድላል?”

“መብራት ከላይ ቢዘጋ ከታች ይመጣል” አለ ሳዲቅ። “አንዱ ቤቱ ውስጥ ጄኔሬተር አስነሥቶ ከመስመሩ ሳይነጥለው ከሶኬት ጋር ካገናኘው፣ ኃይሉ ወደ ኋላ ሄዶ ምሰሶው ላይ ይወጣል። ሠፈሩን ሁሉ መሸከም ስለማይችል ደከም ብሎ ይበራና ይጠፋል። ሽቦውን ለያዘ ሰው ግን ያችው ትበቃዋለች።”

ደከም ብሎ በርቶ ጠፋ። ሐያት ያለችው ይህንኑ ነው።

በአማን ትልቁ ጄኔሬተር የአቶ ወልደአማኑኤል ነው። ቡና መቀሸሪያቸው ከምሰሶው ሦስት መቶ ሜትር አይርቅም። ባለፈው ዓመት ደግሞ ከቆጣሪ ውጭ መብራት ሲስቡ ደርሶባቸው መስመራቸውን የቆረጠው ሕዝቅያስ ራሱ ነበር። ሐዲስ መኪናዋን ሲያቆም ካቴናውን በእጁ ዳሰሰ።

“ዛሬ ጧት ጄኔሬተር አስነሥተው ነበር?” አለቻቸው ጥሩነሽ። የመቀሸሪያው ጩኸት ጆሮ ያደነቁራል፤ ገለባው አየሩን ሞልቶታል።

“ከአሥራ ሁለት ሰዓት ጀምሬ!” አሉ ሽማግሌው ሳይፈሩ። “በዚህ ዝናብ ቡናዬ እስኪሻግት ልቀመጥ?”

“ከሕዝቅያስ ጋር ተጣልተው ነበር።”

“ተጣልተናል። ታርቀናልም። ኋላ መስመሬን ለይቶ ከታችኛው ትራንስፎርመር የቀጠለልኝ እሱ ነው። ይህንንም ያስገባልኝ እሱ ነው” ብለው ግድግዳው ላይ ያለ ትልቅ ማብሪያ አሳዩዋት። “ወደ ጄኔሬተር ሲዞር የመንግሥቱ መስመር ይቆረጣል። ‘ጋሼ፣ አንድ ቀን እንዳይገድሉኝ’ ብሎ ነው ያስገባው።”

ሽማግሌው ይህን ተናግረው ፊታቸውን ወደ ቡናው አዞሩ። ጥሩነሽ ተሰናብታ ወጣች። በመሥሪያ ቤቱ የመስመር ካርታ ስታመሳክርም እውነታቸውን ነው፤ የእሳቸው ጄኔሬተር ያንን ምሰሶ በምንም መንገድ አይደርሰውም።

የዚያን ዕለት አመሻሽ ላይ ሕዝቡ የሳዲቅን ሱቅ ሰበረ። መስተዋቱ ረገፈ፤ የእግዱ ነገር ተረስቶ ገመዶቹም በየመንገዱ ተቆራርጠው ወደቁ። ሳዲቅን ለራሱ ሲባል ጣቢያ አሳደሩት። ጥሩነሽ በማግስቱ ጧት ዳቦና ሻይ አስይዛ ስትገባ ግድግዳውን ተደግፎ ተቀምጦ አገኘችው።

“ኢንስፔክተር፣ አንድ ነገር ልንገርዎት” አላት። “በዚያ ምሰሶ ላይ ያለኝ ገመድ ስምንት ነው። ክሱ ዘጠኝ ይላል። አንደኛው የኔ እንዳልሆነ በመልሴ አስጽፌያለሁ፤ ማንም ጉዳዬ አላለውም። እኔም ሌባ ‘ስምንት እንጂ ዘጠኝ አልሰረቅኩም’ ቢል ማን ያምነዋል ብዬ ተውኩት።”

ጥሩነሽ የያዘችውን ብርጭቆ አስቀመጠች።

“ሐዲስ፣ ትናንት ምሰሶውን ያነሣነውን ፎቶ አምጣ።”

ቆጠሩት። ስምንት። ደግመው ቆጠሩት። ስምንት።

ከፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት ክሱ ላይ የተያያዘውን ፎቶ አስወጡ። ዘጠኝ። ስምንቱ እንደ ዘንዶ ተጠማዝዘው መንገዱን ይዘው ይወርዳሉ። ዘጠነኛው ብቻውን ነው፤ ከሌሎቹ ወፈር ያለ ጥቁር ገመድ ከመብራቱ ሽቦ ላይ ተነሥቶ ወደ ግራ፣ ከኮባዎቹ ጀርባ ይገባል። ጥቁር ገመድ ትከሻው ላይ አንጠልጥሎ ወረደ። አሁን ነው የሐያት ቃል የገባት።

“ይህ የቴሌቪዥን ገመድ አይደለም” አለ ሐዲስ። “የመብራት ነው።”

“ብሩህን ልናመጣው?” ሲል ጨመረ።

“መጀመሪያ ገመዱ የት ይገባ እንደነበር እንይ።”

ከኮባዎቹ ጀርባ አንዲት አነስተኛ የእናቶች ክሊኒክ አለች። ደጃፏ ላይ አምስት ነፍሰ ጡሮች አግዳሚ ወንበር ላይ ተደርድረው ተቀምጠዋል። ጥሩነሽ በጀርባ ዞረች። ከጊዜ በኋላ ተቀጥላ የተሠራች ክፍል አለች፤ ከክዳኗ ሥር አንድ ቀዳዳ፣ ከቀዳዳው የተቆረጠ ጥቁር ገመድ አንድ ክንድ ያህል ወጥቶ ተንጠልጥሏል።

አዋላጅ ነርሷ ራሔል ጓንቷን እያወለቀች ወጣች። ጥሩነሽን ስታይ ያወለቀችውን ጓንት በእጇ ጨበጠችው።

“ከትናንት ጀምሮ ስጠብቅዎት ነበር” አለች።

ጓዳ ገብተው ተቀመጡ። አንድ ጄኔሬተር እዚያው ብርድ ልብስ ተከናንቦ ቆሟል።

“ይህችን ማዋለጃ ክፍል ከሠራናት ሁለት ዓመት ሆናት” አለች ራሔል። “ቆጣሪያችን አይችላትም፣ ሌላ ጠይቁ ተባልን። አምስት ጊዜ አመለከትኩ፤ ደብዳቤዎቹ አሉ። በመካከሉ የሕዝቅያስ ሚስት ልትወልድ መጣች። ሌሊት ነበር፤ እሱ የስልኩን መብራት ይዞልኝ ነው ያዋለድኳት። ደም ሲፈሳት በዚያች መብራት ስፈልግ አየኝ። በሳምንቱ እሑድ ገመድ ተሸክሞ መጣ። አንድ ብር አልተቀበለኝም። ‘ቆጣሪው እስኪመጣ ነው’ አለኝ።”

“ታዲያ ምስክር ሆኖ ሲቆጥር የራሱንም ቆጠረው?”

“ቆጠረው። ‘ብዘለው ውሸት ይሆንብኛል’ አለኝ። የማን እንደሆነ ግን አልተናገረም። በሳዲቅ ላይ መቆጠሩ እንቅልፍ ነሥቶት ነበር። ሰኞ ዕለት መጥቶ፣ ‘ነገ ዳኞቹ ይመጣሉ፤ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ መብራት ሲጠፋ አወርደዋለሁ፣ ለዳኞቹም የኔ ነበር እላቸዋለሁ’ አለኝ።”

“አሥራ ሁለት ሰዓት ነው ያለሽ?”

“አዎ። ዝናቡ እንዳስቆመው በምን ልወቅ?” ራሔል ጓንቱን ትጠመዝዘዋለች። “ከሸኮ አንዲት ሴት በሞተር ይዘው መጡ። ትሕትና ትባላለች። ምጧ ከጀመረ ሁለት ቀን ሆኖታል። ልጁ አንድ ሰዓት ሊሆን ሲል ወጣ፤ አይተነፍስም። ከአፍና ከአፍንጫው ፈሳሽ የምትስበው ማሽን ያለ መብራት አትሠራም። ሕዝቅያስ እንዳስተማረኝ የቆጣሪውን ማጥፊያ አወረድኩ። ጄኔሬተሩን አስነሣሁና ማዋለጃው ክፍል ያለ ሶኬት ላይ ሰካሁት። ያ ሶኬት በቆጣሪው በኩል እንደማያልፍ አውቃለሁ። ግን ገመዱ የወረደ መስሎኝ ነበር። በእግዚአብሔር ስም፣ ወርዷል ብዬ ነው።”

“ከዚያስ?”

“ጄኔሬተሩ አጉረመረመ፣ አምፖሉ ቀላ። ማሽኗ ግን ሠራች። አንድ ደቂቃ ቢሆን ነው፤ ከዚያ ጠፋ። ልጁ አለቀሰ። እኛ እልል ስንል ውጭ ሲጮሁ ሰማን።”

ከግድግዳው ወዲያ አንዲት ሴት ታቃስታለች።

“ሰዉ ሳዲቅ ነው ሲል እየሰማሽ ዝም አልሽ?”

“ዝም አልኩ። ልናገር ስነሣ አንዷ ምጥ ይዟት ትመጣለች። እሷን ጨርሼ ብዬ እቀመጣለሁ።” ራሔል ዓይኗን ጠረገች። “ሰበብ ነው። ፈርቼ ነው።”

“ነገ ሦስት ሰዓት ላይ ጣቢያ ትመጪያለሽ። ደብዳቤዎቹንም ይዘሽ ነይ። እስከዚያ የሚተካሽ ሰው ፈልጊ፤ ሴቶቹ ሜዳ ላይ እንዳይቀሩ።”

ብሩህን ቤቱ ደጃፍ ላይ ተቀምጦ አገኙት። ስለ ገመዱ ስትጠይቀው አላስተባበለም፤ ገብቶ ከአልጋው ሥር የተጠቀለለውን አውጥቶ እግሯ ሥር አኖረላት።

“ስደርስ ይህን ይዞ ነበር። የእሱ እንደሆነ አውቃለሁ። መብራቱ ከየት እንደመጣ አላውቅም ነበር፤ አሁን ነው ከእርስዎ የሰማሁት። እኔ ያሰብኩት አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ‘ሌባ የከሰሰው ራሱ ሌባ ነበር’ ተብሎ እንዳይቀበር። ኢንስፔክተር፣ እባክዎን ይህን አይጻፉት። ሞቷል እኮ። ዝም ብሎ አደጋ ነው ይበሉ።”

“አደጋ ነው ካልኩ ከተማው አያምነኝም፤ ሳዲቅ ፖሊስ ገዝቶ ወጣ ይላሉ። ትናንት ሱቁን ሰበሩ። ነገ ቤቱን ያቃጥላሉ። የሞተውን ስም ልጠብቅ ብዬ በሕይወት ያለውን ሰው አልቀብርም።”

ብሩህ አንገቱን ደፋ። “ታዲያ ለሚስቱ፣ ለየዓለምዘርፍ ማን ይነግራታል?”

ጥሩነሽ ገመዱን አንሥታ ወደ መኪናው አመራች። ሌላ ማን ሊነግራት ነው?

ሪፖርቱን በማግስቱ፣ ራሔል ጣቢያ መጥታ ቃሏን ከሰጠች በኋላ ጻፈችው። ምንም አልጨመረችም፣ ምንም አልቀነሰችም፤ የብሩህን ገመድ መቁረጥ፣ የራሔልን ጄኔሬተር፣ መልስ ያጡትን አምስት ማመልከቻዎች በየቀናቸው አሰፈረች። ራሔልን በቸልተኝነት ለመክሰስ ወይም ላለመክሰስ የሚወስነው ዐቃቤ ሕግ ነው። ሳዲቅን ራሷ ከክፍሉ አስወጣችው። ወደ ተሰበረው ሱቁ ሲሄድ ሐዲስን አብራ ላከችው፤ ለሚጠይቅ ሁሉ ነገሩን እዚያው በር ላይ ቆሞ እንዲያስረዳ። ገመድን ያለ ፈቃድ በመንግሥት ምሰሶ ላይ የመስቀሉ ክስ ግን ባለበት ይቀጥላል፤ አዲስ ቀጠሮ ተሰጥቶበታል።

ለቅሶ ቤቱ ድንኳን ውስጥ ሰው ሳስቷል። የዓለምዘርፍ ጥቁር ነጠላዋን አገልድማ፣ ሁለት ዓመት ያልሞላው ልጇ ጭኗ ላይ ተኝቶባት ፍራሽ ላይ ተቀምጣለች። ጥሩነሽ ሴቶቹን ፈቀቅ እንዲሉላት ለመነችና ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ነገረቻት። ማሳመር አልሞከረችም።

የዓለምዘርፍ ሳታቋርጣት ሰማች።

“ያ ገመድ ለኔ ሲል ነው” አለች በመጨረሻ። “ያን ሌሊት እኔ ልሞት ነበር።”

“አዎ።”

“ለዳኞቹም የኔ ነው ሊል ነበር።”

“ሊል ነበር። ራሔል ቃሏን ሰጥታለች። ለፍርድ ቤቱም በጽሑፍ ይገባል።”

“የሸኮዋ ሴት ልጅስ?”

“ደኅና ነው። ይጠባል።”

የዓለምዘርፍ የልጇን ፀጉር በጣቷ እየለየች ብዙ ቆየች። በድንኳኑ ሸራ ላይ ዝናቡ እንደገና ጀመረ።

“ሁለት ቀን ሙሉ ሳዲቅን ስረግም ነበር” አለች። “መራገሙ ደግ ነበር፤ ያሳርፋል። ሲደክመኝ እሱን እረግማለሁ፣ ከዚያ ትንሽ ይለቀኛል። አሁን ማንን ልርገም ኢንስፔክተር? ራሔልን አልችልም፤ ይህን ልጅ ሰጥታኛለች። ያንን ሕፃን አልረግም። እሱን እንዴት ልርገመው? እስቲ እርስዎ ይንገሩኝ፤ ሕግ አዋቂ ነዎት።”

ጥሩነሽ ብዙ ቤት ገብታ የገዳይ ስም ተናግራለች፤ ስሙን ተናግሮ መውጣት ነበር ሥራዋ። አሁን የምትሰጣት ስም የላትም።

“አላውቅም እህቴ” አለች።

የዓለምዘርፍ ራሷን ነቀነቀች፤ ሌላ መልስ የጠበቀች አትመስልም። ከዚያ ፈቀቅ ብላ ከፍራሹ ጫፍ ቦታ ለቀቀችላት። ውጭ ሾፌሩ ሞተሩን አስነሥቶ ይጠብቃል፤ ጣቢያው ውስጥም ሌላ መዝገብ ተቀምጧል። ጥሩነሽ ባርኔጣዋን አወለቀች፣ ጉልበቷን በሁለት እጇ ይዛ ቀስ ብላ ዝቅ አለችና ከጎኗ ተቀመጠች።